ሽብልቅና ትንሽ ቃል

በዚህ ዕትም ልናነሣው የወደድነው ጥያቄ «ትንሽ ነገር ያደረገ ሰው ተጠያቂነቱም ትንሽ ነውን?» የሚል ነው። መልሱን ከሩቅ ሳንፈልግ ከደምበጫ፣ ከቡሬና ከፍኖተ ሰላም ገጠር ዕንጨት ፈላጭ እንማር።

ገበሬው ወፍራሙን የባሕር ዛፍ ግንድ በመጥረቢያ ብቻ ቢታገለው ጉልበቱ ያልቃል። ስለዚህ ከግንዱ ጫፍ ላይ ስንጥቅ ይፈልጋል፤ ሽብልቁን በዚያ አስገብቶ ይመታዋል። በዱር ዝናም የያዘው መንገደኛም እሳት ሲያስፈልገው ላዩ የራሰውን ዕንጨት እንዲሁ ፈልጦ ከውስጡ ደረቁን ያገኛል። በአክሱም አጠገብ፣ ጎቦ ዱራ በተባለው የጥንት የድንጋይ ማውጫ ቦታ፣ በተርታ የተፈለፈሉ የሽብልቅ ጉድጓዶች እስከ ዛሬ ይታያሉ። ከአክሱም ሐውልቶች ትልቁ 33 ሜትር ያህል ርዝመት እንዳለው ስናስብ የዚህን ትንሽ መሣሪያ ኃይል እንረዳለን።

ምስጢሩ ቀላል ነው። ርዝመቱ 20፣ የጀርባው ውፍረት 4 ሳንቲ ሜትር የሆነ ሽብልቅ፣ ሰበቃው ባይቆጠር፣ የመቺውን ኃይል 5 እጥፍ አድርጎ ወደ ጎን ይገፋል። እንግዲህ የጫፉ መቅጠን ኃይሉ እንጂ ድካሙ አይደለም።

በሁለት ባልንጀሮች መካከል ሐሜት አስገብቶ «እኔ እኮ አንዲት ቃል ብቻ ነው የተናገርሁት» የሚል ሰው ምክንያቱ ውኃ አይቋጥርም። ቃሉ ሊገባ የቻለው ትንሽ በመሆኑ ነውና፤ ትልቅ ውሸት ቢሆን ኖሮ ሰሚው በጠረጠረ ነበር።

«ስንጥቁ አስቀድሞ ነበረ፤ እኔ አላመጣሁትም» የሚልም አይጠፋም። እውነት ነው፤ ቂማቸውን ሳይነጋገሩበት ያቆዩት ባልንጀሮችም ድርሻ አላቸው። ሆኖም ስንጥቅ ያለበት ግንድ ሁሉ ለሁለት አይከፈልም፤ የሚከፍለው መቺው ነው። ስንጥቁን ማወቁም ጥፋቱን ያከብደዋል እንጂ አያቀለውም።

ታዲያ ዝም እንበል ማለት ነውን? አይደለም። የመጥረቢያው ዛቢያ ሲላላ ያው ገበሬ ትንሽ ውሻል ሰክቶ ያጠብቀዋል፤ ባያጠብቀው ብረቱ ወልቆ ሰው ይጎዳል። ቅርጹ አንድ ነው፤ ሥራው ግን ሌላ ነው። ለባልንጀራ ፊት ለፊት የተነገረች እውነተኛ ቃልም ስትገባ ታሳምማለች፤ ነገር ግን የላላውን ታጠብቃለች።

ስለዚህ ከመናገራችን በፊት «ቃሊቱ ትንሽ ናት ወይስ ትልቅ?» ሳይሆን «የምሰካት የት ነው? ለመለያየት ነው ወይስ ለማጥበቅ?» ብለን ራሳችንን እንጠይቅ።