ስለ አደራ ልጅ መመለስ

አደራ የሚባለው ቃል በሀገራችን ከባድ ቃል ነው። ገንዘብ በአደራ የተቀበለ ሰው ባለቤቱ በመጣ ጊዜ ሳያጐድል ሊመልስ ይገባዋል፤ ባይመልስ ግን አደራ በላ ይባላል፤ ይህም ስም ከሌባ ስም የከፋ ሆኖ ይቈጠራል። አደራ የተሰጠው ነገር ገንዘብ ሳይሆን ሕፃን በሆነ ጊዜስ ፍርዱ እንዴት ይሆናል? እናቱ ታማ፣ አባቱ ታስሮ ወይም በችግር ተሰዶ በሌላ ሰው ቤት ያደገውን ልጅ፣ ወላጆቹ ከመከራቸው ተነሥተው ሊወስዱት ቢመጡ፣ አሳዳጊዪቱ ልትመልሰው ይገባታልን? ካህናት ይህን ጥያቄ በንስሐ ልጆቻቸው ቤት ያገኙታልና ጥቂት ልንመረምረው ወደድን።

አስቀድመን ጉዲፈቻን ከአደራ እንለይ። በ1992 ዓ.ም. የወጣው የተሻሻለው የቤተሰብ ሕግ፣ በጉዲፈቻ የተወሰደ ልጅ ከተወለደበት ቤተሰብ ጋራ ያለው ዝምድና እንደማይቋረጥ ይደነግጋል፤ ከሁለቱ አንዱን መምረጥ ግድ በሆነ ጊዜ ግን የጉዲፈቻው ቤተሰብ እንዲቀድም ያዝዛል። አደራ ተቀባይ ግን ልጁን የያዘው እስከ ጊዜው ነውና እንዲህ ያለ ቅድሚያ የለውም። የ1987 ዓ.ም. ሕገ መንግሥትም በ36ኛው አንቀጹ ሕፃን ወላጆቹን ወይም በሕግ የሚያሳድጉትን ሰዎች የማወቅና የእነርሱን እንክብካቤ የማግኘት መብት እንዳለው ይናገራል። በሕግ በኩል እንግዲህ ነገሩ የጠራ ይመስላል። ጭንቁ ያለው በልብ በኩል ነው። ልጁ ባተኰሰው ሌሊት አቅፋው ያደረችው፣ ፊደል ያስቈጠረችው፣ ወደ ቍርባን ያቀረበችው አሳዳጊዪቱ ናት፤ እማዬ ብሎ የሚጠራትም እርሷን ነው። የወለደችው በመጣች ጊዜ ከቀሚሷ ሥር የሚሸሸገው ልጅ እውነቱን ነው፤ እንግዳ ሰው አይቷልና።

በእንዲህ ያለው ክርክር የሰሎሞን ፍርድ ይጠቀሳል። ነገር ግን በዚያ ፍርድ ከሁለቱ ሴቶች አንዲቱ ሐሰተኛ ነበረች፤ ሰይፉም ሐሰቷን ገለጠ። በእኛ ነገር ሐሰተኛ የለችም። የወለደችውም እናት ናት፤ ያሳደገችውም በእውነት ወድዳዋለች። ስለዚህ ሰይፉ ለዚህ አይረዳንም። ከዚያ ፍርድ ልንማር የሚገባን፣ ንጉሡ የማንኛቸው ጓዳ የተሻለ እንደ ሆነ አለመጠየቁን ነው። ዛሬ ግን አሳዳጊዎች ልጁን ለመከልከል ዘወትር የሚያቀርቡት ምክንያት ይኸው ነው፤ «እዚያ ምን ይበላል? የት ይማራል?» ይላሉ። ድህነት ልጅን ከእናቱ ለመለየት የሚበቃ በደል አይደለም። በቤቱ የጐደለው ጤፍ ከሆነ ጤፉ ይላክ እንጂ ልጁ አይከልከል።

የሙሴ ታሪክ ከዚህ ይልቅ ይቀርበናል። ዮካብድ ልጇን በወንዝ ዳር ባኖረችው ጊዜ እኅቱ ማርያም በሩቅ ቆማ ትጠብቀው ነበር፤ በእርሷም ምክር የገዛ እናቱ በደመወዝ አጠባችው። ኋላ የፈርዖን ልጅ ልጇ አድርጋ አሳደገችው፤ ካደገም በኋላ ወደ ወንድሞቹ ወጣ። ወንድሞቹ እንደ ሆኑ ማን እንደ ነገረው መጽሐፉ አይገልጽልንም፤ እኛ ግን የእናቱ የማጥባት ዘመን ከንቱ አልቀረም እንላለን። አሳዳጊ የሆነ ሁሉ ያችን በሩቅ የቆመች እኅት ሊያስብ ይገባዋል። ልጁ የእናቱን ስም፣ የተወለደበትን አገር፣ የወንድሞቹን መልክ እያወቀ ካደገ፣ የመመለሱ ቀን የመለየት ቀን ብቻ አይሆንበትም።

በ4ኛው መቶ ዓመት የነበረው ቅዱስ ባስልዮስ ዘቂሳርያ ለመነኮሳት በጻፈው ሥርዓት፣ ወላጆች የሌሏቸው ሕፃናት የኢዮብን አብነት በመከተል እንዲሰበሰቡ፣ ወላጆች ያሏቸው ግን በብዙ ምስክሮች ፊት እንዲቀበሏቸው አዝዟል። ወላጅ ያለው ልጅ እንደ ሙት ልጅ አይቈጠርምና ነው። በሀገራችን በ1977 ዓ.ም. ረኃብ በየማሳደጊያው ከተሰበሰቡት ሕፃናት መካከል ወላጅ ወይም ዘመድ በሕይወት ያላቸው ነበሩ፤ ከዓመታት በኋላ አንዳንድ ማሳደጊያዎች ዘመድ እያፈላለጉ መልሰዋቸዋል። በ2006 ዓ.ም. ደግሞ ከ160 ሺህ በላይ ኢትዮጵያውያን ከሳዑዲ ዓረቢያ ሲመለሱ፣ በአያት ወይም በጎረቤት ዘንድ ያኖሩትን ልጅ ለማግኘት የተመለሱ እናቶች በመካከላቸው ነበሩ። እነዚህ እናቶች ልጃቸውን የተለዩት ሊያበሉት ብለው ነው፤ «ጥለሽው ሄደሽ» ማለት ግፍ ነው።

ይሁን እንጂ መመለስ ይገባል ማለት ዛሬውኑ ይወሰድ ማለት አይደለም። አስቀድሞ እናቲቱ እየመጣች ትጐብኘው፤ ቀጥሎ በበዓል ቀን ከእርሷ ዘንድ ይዋል፤ ከዚያም ይደር። ልብ ያለው ልጅ ከሆነ ቃሉ ይሰማ። የሚሄድበትንም ቀን አስቀድሞ ይወቅ እንጂ ገበያ ልንሄድ ነው ተብሎ አይታለል፤ እንዲህ ተታልሎ የሄደ ልጅ ሁለቱንም ቤት አያምንም።

የማይመለስበትም ቤት አለ። በዱላ ወይም ከዚያ በሚከፋ ነውር የተነሣ የወጣ ልጅ፣ የበደለው ሰው ንስሐ ገብቻለሁ ስላለ ብቻ ሊመለስ አይገባውም። በዚህ ነገር ሽማግሎችና ካህናት እንዲጠነቀቁ እንለምናለን። እኛ ማስታረቅ ልማዳችን ነውና ሁለቱን ትልልቅ ሰዎች አስታርቀን፣ አስማምተን፣ ጠላ ጠጥተን ስንነሣ ልጁን በዕርቁ ውስጥ እንደ ካሣ እንሰጠዋለን። ንስሐ የኃጢአትን ሥርየት ያስገኛል፤ ሕፃን አደራ የሚሰጠው ግን ጠባዩ በዘመን ብዛት ለተፈተነ ሰው ነው። ይህንም የሚያውቁት ካህኑ ብቻ ሳይሆኑ ጎረቤቶችም ናቸው፤ ፍርድ ቤትም አለ።

ስለ አሳዳጊዪቱ ደግሞ ዝም ልንል አንችልም። ልጁ በሄደ ማግሥት አልጋው ባዶ ይሆናል፤ ነገር ግን የሞተ ሰው የለምና ለቅሶ የሚደርስ የለም፤ «የሰው ልጅ ነው፣ ምን ያስለቅስሻል?» የሚሏትም አይታጡም። የነፍስ አባቷ በዚያው ሳምንት ሊጠይቋት ይገባል። ልጁም ለፋሲካና ለጥምቀት ወደ እርሷ እንዲመጣ፣ እርሷም ልትጠይቀው እንድትሄድ፣ ከመሄዱ በፊት ከወላጆቹ ጋራ በሽማግሌ ፊት ይነጋገሩላት፤ ኋላ የሚጠየቅ ነገር በየሰበቡ ይቀራልና።