ኃይሉን የረሳው ሕፃን

በስመ አብ ወወልድ ወመንፈስ ቅዱስ አሐዱ አምላክ አሜን።



በ2005 እ.ኤ.አ. በሕንድ አገር «ሐኑማን» የተባለ የሕፃናት የካርቱን ፊልም ወጣ። ያዘጋጀው ቪ. ጂ. ሳማንት ሲሆን ታሪኩ ሂንዱዎች ከሚያከብሩት ከራማያና የመነጨ ነው። የነፋስ አምላክ ልጅ የሚባለው ሐኑማን በሕፃንነቱ ፀሐይ ፍሬ መስላው ሊበላት ወደ ሰማይ ይዘላል። መናንያኑን ስላስቸገረም ኃይሉን እንዲረሳ ይረገማል። ባሕር ተሻግሮ ወደ ላንካ የሚሄድ በታጣ ጊዜ ግን ሽማግሌው ጃምባቫን ያስታውሰዋል፤ እርሱም ባሕሩን በአንድ ዝላይ ይሻገራል።

ታናናሾቻችን ይህን ቢያዩ ምን እንላቸዋለን? ቅዱስ ጳውሎስ በአቴና ጣዖታቱን አይቶ መንፈሱ ቢታወክም ሕዝቡን አልሰደበም። እኛም አምልኮቱን አንቀበልም፤ የሕንድን ሰው ግን አንንቅም።

ሆኖም ልዩነቱን እንወቅ። ሐኑማን የረሳው የገዛ ኃይሉን ነው። እኛ በ40 እና በ80 ቀን በጥምቀት የተቀበልነው ግን የመንፈስ ቅዱስ ስጦታ እንጂ የራሳችን አይደለም። የሦስት ዓመቱ ሕፃን ቂርቆስ እናቱ ኢየሉጣ የፈላውን ውኃ አይታ በፈራች ጊዜ ያጸናት በራሱ ጉልበት አልነበረም፤ በእግዚአብሔር ኃይል ነው እንጂ።

እንግዲህ ቴሌቪዥኑን መዝጋት ብቻ አይበቃም። ሕፃን ታሪክ ይወዳል፤ የሚነግረው ካጣ ያገኘውን ይይዛል። ስለዚህ ዛሬ ማታ ታናናሾቻችንን አጠገባችን አስቀምጠን የቂርቆስን ታሪክ እንንገራቸው። የተሰጣቸውን ጸጋ የምናስታውሳቸው እኛ እንሁን።

ወስብሐት ለእግዚአብሔር።