ፊትሽ ከሥራሽ አይቅደም

ልጄ፣ ትያትር አዘጋጅ እሆናለሁ፣ ከዚያም የቴሌቪዥን ፕሮግራም አቀርባለሁ ብለሽኛል። ደግ አስበሻል። ብቻ ሁለቱን ሥራዎች በአንድ ቀን ልትይዣቸው የቸኮልሽ መሰለኝ። «የቸኮለች አፍሳ ለቀመች» ይላል ያገራችን ሰው። እስኪ ተረጋግተሽ ስሚኝ።

መጀመሪያ ይህ ሙያ ለከተማችን ለሐረር እንግዳ እንዳልሆነ ዕወቂ። የመጀመሪያውን የአማርኛ ትያትር የጻፉት ፊታውራሪ ተክለ ሐዋርያት ተክለ ማርያም በልጅነታቸው ያደጉት እዚሁ ሐረር፣ በራስ መኰንን ቤት ነው። ሩሲያ ሄደው ተምረው ከተመለሱ በኋላ «ፋቡላ፡ የአውሬዎች ኮሜዲያ»ን ጻፉ። አውሬዎቹ አፍ አውጥተው የሹማምንቱን ጉድ ሲናገሩ ቤተ መንግሥቱ ተቆጣ፤ ትያትሩም ታገደ። የአገራችን ትያትር ገና ሲወለድ ያገኘው አቀባበል ይህ ነበር። ስለዚህ ጭብጨባ ብቻ ይጠብቀኛል ብለሽ እንዳትገቢ። «ማር ሲሰፍሩ ማር ይናገሩ» ቢባልም፣ ትያትር ሁልጊዜ ማር አይሰፍርም።

ሁለተኛውም ሰው ከወደ እኛው ናቸው። ተስፋዬ ገሠሠ በ1929 ዓ.ም. ሐረርጌ ውስጥ ጎሮ ጉቱ ተወለዱ። አዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ ኮሌጅ ተምረው፣ አሜሪካ ኖርዝዌስተርን ዩኒቨርሲቲ ገብተው ትያትርን አጠኑ። ሲመለሱ አንድ ወንበር ይዘው አልተቀመጡም። ተወኑ፣ አዘጋጁ፣ ጻፉ፣ የዑመር ኻያምን ሩባያት ወደ አማርኛ መለሱ፣ በዩኒቨርሲቲ አስተማሩ። ሀገር ፍቅርንም ብሔራዊ ትያትርንም በየተራ መሩ። በደርግ ጊዜ በ«ዕቃው» ትያትር ሰበብ ታስረዋል፤ ከእስር ወጥተውም ወደ መድረኩ ተመለሱ። በ2013 ዓ.ም. እስኪያርፉ ድረስ ስማቸውን ያስከበረላቸው ሥራቸው ነው።

አንቺ ስለ አዘጋጅ ስታስቢ ስሙ በፖስተር ላይ በትልቁ የተጻፈ ሰው ይታይሻል። እኔ ደግሞ ድርሰቱን ደጋግሞ የሚያነብ፣ ተዋናይ የሚመርጥ፣ ወራት ሙሉ ልምምድ ላይ የሚውል፣ ከመብራቱ፣ ከድምፁ፣ ከአልባሳቱ ጋር የሚሟገት ሰው ይታየኛል። ትያትሩ በሚመረቅበት ምሽት ተዋናዮቹ ብርሃን ውስጥ ቆመው እሱ ጨለማ ውስጥ ይቀመጣል። በጀጎል ግንብ ውስጥ ያለውን የሐረሪ ቤት ነደባ፣ ያን ደረጃ ደረጃ መቀመጫ፣ ልብ በይ፤ ከፍ ያለው የማን እንደሆነ፣ ዝቅ ያለው የማን እንደሆነ፣ በበሩ አጠገብ ማን እንደሚቀመጥ እንግዳ ገብቶ አንድ ቃል ሳይሰማ ይረዳዋል። ጥሩ አዘጋጅም መድረኩን እንዲያ ነው የሚያሰናዳው፤ ተዋናዩ አፉን ሳይከፍት ማን ጌታ፣ ማን ሎሌ፣ ማን የተገፋ እንደሆነ ተመልካቹ ከአቋቋማቸው ያነባል። ይህን ዓይን ካሜራ አይሰጥሽም። ከልምምድ ነው የሚገኘው፤ ልምምድ ደግሞ ጊዜ ይበላል።

«አንድ እጅ ብቻውን አያጨበጭብም» የሚለውም ለአዘጋጅ የተነገረ ይመስለኛል። ተዋናይሽን በሰው ፊት አታዋርጂ። መጋረጃ የሚስበውንም በስሙ ጥሪው። እሱ አንዲት ደቂቃ ቢዘገይ የወራት ድካምሽ መሳቂያ ይሆናል።

አሁን ወደ ቴሌቪዥኑ እንምጣ። በ1957 ዓ.ም. የኢትዮጵያ ቴሌቪዥን ሥራ ሲጀምር ልጆችን እንዲያጫውቱ የቀረቡት የባሌው ተወላጅ ተስፋዬ ሳህሉ ነበሩ፤ አገር ሁሉ አባባ ተስፋዬ ያላቸው። ከ40 ዓመት በላይ ትውልድ ሲያሳድጉ ኖሩ። ሰው ተረታቸውን ያስታውሳል፤ ከዚያ በፊት ያለፉበትን ግን ይረሳል። ሴት ተዋናይ ባልነበረበት ዘመን የሴት ልብስ ለብሰው የተወኑ፣ ኮሪያ ድረስ ዘምተው ወታደሩን ያጫወቱ የመድረክ ሰው ነበሩ። ካሜራው ፊት ሲቀመጡ ሕፃኑ ዓይኑን ከሳቸው ላይ መንቀል ያቃተው በአጋጣሚ አይደለም። በሕይወት ያለ ተመልካች ሲሰለች፣ ሲስቅ፣ ሲያዛጋ አይተው፣ በዚያ ተገርተው ነው የመጡት።

የሳቸው ፍጻሜም ትምህርት አለው። ያን ሁሉ ዘመን ከሠሩ በኋላ ፕሮግራማቸው የተቋረጠው ባወሩት አንድ ተረት ምክንያት ነው። ፍርዱ ልክ ነበር አልነበረም ብለን እዚህ አንከራከርም። አንቺ የምትይዢው «ከአፍ የወጣ አፋፍ» የሚለውን ነው። ደግሞ የምትኖሪው ሐረር ውስጥ ነው። አንድ መንገድ ላይ ሐረሪውን፣ ኦሮሞውን፣ አማራውን፣ ሶማሌውን የምታገኚበት ከተማ ነው። ዩኔስኮ የሰላም ከተማ ብሎ የሸለመው ይህንኑ አብሮ መኖር አይቶ ነው። ስለዚህ በማንም አነጋገር፣ በማንም እምነት አትቀልጂ። «ምላስ አጥንት የለውም፣ አጥንት ግን ይሰብራል።» እንግዳ ስትጋብዢ ጠይቀሽ ዝም በይ፤ መልሱን ከአፉ አትንጠቂው። ጠያቂ ሆና ራሷ የምታወራ አቅራቢ እንግዳዋን ያለ ሥራ ጠርታዋለች።

ስለ እንጀራም ልንገርሽ። ትያትር ብቻውን ቶሎ አያጠግብም። ተስፋዬ ገሠሠ ያስተምሩ ነበር፤ አንቺም አስተምሪ፣ ተርጉሚ፣ ጻፊ። ያ ሁሉ ተመልሶ አዘጋጅነትሽን ይመግበዋል። ዝና ከመጣ ደግሞ ፈረስ መጋላ አደባባይ ስትወጪ ሰላም የሚልሽን ሁሉ ሰላም በይው። ትናንት የማያውቅሽ ነጋዴ ዛሬ ስምሽን ቢጠራ አትደነቂ፤ ነገ ቢረሳሽም አትዘኚ።

እንግዲህ ምክሬ አጭር ነው። አዲስ አበባ ለመሄድ አትጣደፊ። መጀመሪያ እዚህ፣ በከተማሽ ልጆች፣ አንድ ትያትር አዘጋጂ። ካልሆነልሽ ሁለተኛ አዘጋጂ። የሚተቹሽን ሽማግሌዎችና የሚስቁብሽን ወጣቶች ከፊት ወንበር አስቀምጫቸው። ካሜራው ከዚያ በኋላ ይምጣ፤ ሥራ ያለውን ሰው ራሱ ፈልጎ ያገኘዋል። ዕድሜና ጤና ይስጥሽ፤ የሠራሽው ይባረክልሽ።