ጥለቱና ፊቷ

በቪዲዮ ካሴት ዘመን ነው። ወሎ ሰፈር ውስጥ፣ ከቦሌ መንገድ ገባ ብሎ ባለ አንድ ግቢ የምትኖር እናት ነበረች። አንድ ልጇ ለሹፌርነት ጅዳ ከሄደ ዓመታት አልፈዋል። በስልክ ይገናኛሉ፤ እሱ ግን «እማዬ፣ ድምፅሽ ብቻ አልበቃኝም፤ ተቀርጸሽ ላኪልኝ» እያለ ወተወታት። የሰፈሩን ሠርግ ሁሉ የሚቀርጽ ወጣት ካሜራማን አስጠራች።

ለበዓል ያስቀመጠችውን ቀሚስ ለብሳ፣ ጥለተ ሰፊውን ነጠላ ደርባ ጠበቀችው። ወጣቱ የመጣው ፀሐይ አናት ላይ ስትሆን ነው። ኖራ የተቀባ ግድግዳ ፊት አቆማትና ካሜራውን ኦቶማቲክ ላይ አድርጎ «ይናገሩ እማማ» አላት። ቡናው ሳይፈላ ጨርሶ ሄደ። ካሴቱ በሰው እጅ ጅዳ ደረሰ፤ ልጁም ደወለ።

«እማዬ፣ ነጠላሽን አየሁት። ግድግዳውንም አየሁት። አንቺን ግን አላየሁሽም።»

እውነቱን ነው። ካሜራ ለራሱ ከተተወ የሚለካው ከፊቱ ያለውን ብርሃን በጅምላ ነው። ነጭ ግድግዳ፣ ነጭ ቀሚስ፣ ነጭ ነጠላ ሲደራረብበት ብርሃኑ የበዛ ይመስለውና ዓይኑን ያጠባል። ያን ጊዜ ጥለቱ ክር በክር ይለያል፤ ጠይሙ ፊት ይጨልማል።

እናትየው ሌላ ሰው አስፈለገች። በዕድሜ ጠና ያለ ካሜራማን አንድ ቀን በጠዋት መጣ። ምንም ሳይቀርጽ አቦሉንም ቶናውንም በረካውንም ጠጣ፤ ዓይኑ ግን በግቢው ውስጥ ከሚዞረው ጥላ አልተነቀለም። «አሥር ሰዓት ላይ እመለሳለሁ» ብሎ ሄደ። ሲመለስ በርጩማዋን ከግድግዳው አርቆ በረንዳው ጥላ ሥር አኖረው። ሌንሱን ጉንጯ ላይ እስኪደርስ ስቦ፣ ብርሃን የሚያስገባውን የካሜራውን ዓይን፣ አይሪሱን፣ በእጁ ከፍቶ፣ ልኩን እዚያው ቆለፈው፤ ከዚያ በኋላ ነው ወደ ኋላ ያሰፋው። እናትየው በካሜራው ትንሽ መስኮት አጮልቃ አየችና ቅር አላት።

«ምነው አባቴ፣ ጥለቱ እኮ ደበዘዘ! ለዚሁ ብዬ የለበስኩት!»

«እማማ፣ ልጅዎ የናፈቀው ጥለቱን ነው?»

ሁለተኛው ካሴት እንደደረሰ ልጁ በሌሊት ደወለ። «ምን ሆነሽ ነው እንዲህ የከሳሽው? ለምን ደበቅሽኝ?» ዓመት ሙሉ በስልክ «ደህና ነኝ፣ እግዜር ይመስገን» ስትለው ነበር። እናትየው ተቆጥታ ካሜራማኑ ዘንድ ሄደች። «ልጄን አስጨነቅህብኝ! ምን አድርገህ ነው ያነሳኸኝ?»

«የጨመርኩት ነገር የለም እማማ። ፊትዎን አስቀደምኩ እንጂ።»

ልጁ ከአሠሪው ፈቃድ ጠይቆ መጣ፤ ሐኪም ቤትም ይዟት ሄደ።

ይህን ምሳሌ እንዳስብ ያደረገኝ የአብርሃም ኃይሌ ብሩ ሥራ ነው። አብርሃም ኢትዮጵያ ተወልዶ ሙያውን ኔዘርላንድ የተማረ ሲኒማቶግራፈር ነው። ከቻዳዊው ዳይሬክተር ከማሃማት ሳሌህ ሃሩን ጋር ሆኖ «አቡና»ን (እ.ኤ.አ. 2002) እና «ዳራት»ን (2006) ቀርጿል። በ«አቡና» ሁለት ወንድማማቾች ጥሏቸው የጠፋውን አባታቸውን ሲፈልጉ ሲኒማ ቤት ገብተው በሸራው ላይ ያዩት ይመስላቸዋል። ለዚህ ፊልም አብርሃም በ2003 ዋጋዱጉ ላይ በፌስፓኮ የፊልም ፌስቲቫል የምርጥ ሲኒማቶግራፊ ሽልማት ተሰጥቶታል።

«ዳራት» ደግሞ የበለጠ ከባድ ነው። አቲም የሚባል ወጣት የአባቱን ገዳይ ሊበቀል ሽጉጥ ይዞ ይሄድና የገዳዩ ዳቦ ቤት ውስጥ ተቀጥሮ ይሠራል። ልጁ ቁጥብ ነው፤ ሰውየው ጉሮሮው ተጎድቶ የሚናገረው በመሣሪያ ነው። ስለዚህ ቂሙም፣ ጥርጣሬውም፣ ቀስ በቀስ የሚመጣው መላመድም የሚነበበው በዱቄት መካከል ካሉ ሁለት ጥቁር ፊቶች ላይ ነው። ፊቶቹ ቢጨልሙ ፊልሙ ራሱ አይኖርም ነበር። በተሠራበት በ2006 በቬኒስ የፊልም ፌስቲቫል የዳኞቹን ልዩ ሽልማት አግኝቷል።

የምሳሌውን ወጣት ቸልተኛ ብቻ ብዬ አልፈርድበትም። ለአሥርተ ዓመታት የኮዳክ ባለ ቀለም ፎቶ ሲታተም ማስተካከያው የነጭ ሴት ፎቶ የታተመበት ካርድ ነበር፤ ልኩ ለጥቁር ሰው ገጽታ አልተሠራም። መሣሪያውን የያዘ ሰው የራሱን አገር ፊት ከራሱ አገር ብርሃን ጋር አጥንቶ፣ ማሽኑን በእጁ ማረም ነበረበት። እኛ ደግሞ ለሠርጉም፣ ለጥምቀቱም፣ ለቤተ ክርስቲያኑም ነጭ የምንለብስ ሰዎች ነን። አብርሃም አዲስ አበባ ውስጥ ብሉ ናይል የፊልምና የቴሌቪዥን አካዳሚን መክፈቱ ትልቅ ነገር የሚሆንብኝ ለዚህ ነው፤ በነጠላ የተከበበ ጠይም ፊት መቅረጽ የሚለማመዱ ልጆች፣ ነጠላው በሚለበስበት ከተማ መማር ችለዋል።