ፊርማም አደራ ነው

ለመሆኑ የሕዝብ ድምፅ ሲጓደል ተጠያቂው ማን ነው? ያዘዘው ነው ወይስ ፈርሞ ያጸደቀው? አብዛኞቻችን ጣታችንን የምንቀስረው ወደ ላይ፣ ወደ መሪው ነው። ነገር ግን የትኛውም መሪ ብቻውን ኮሮጆ ከፍቶ ድምፅ አይቆጥርም። በመሐል ሁልጊዜ አንድ ባለ ፊርማ አለ።

የቤላሩስ ማዕከላዊ ምርጫ ኮሚሽን ታሪክ ለዚህ ጥያቄ ጥሩ ማሳያ ነው። በ1996 እ.ኤ.አ. የኮሚሽኑ ሊቀመንበር የነበሩት ቪክቶር ጎንቻር፣ ፕሬዚዳንት አሌክሳንደር ሉካሼንኮ ሥልጣናቸውን ለማስፋት የጠሩት ሕዝበ ውሳኔ ሕግ የተጣሰበት ነው፣ ውጤቱንም አልፈርምም አሉ። ፕሬዚዳንቱ ወዲያውኑ ከኃላፊነታቸው አነሷቸው። ጎንቻር በ1999 ከአንድ ወዳጃቸው ጋር በዋና ከተማዋ በሚንስክ እንደወጡ ቀሩ፤ አስከሬናቸው እንኳ አልተገኘም።

ወንበሩን የተረከቡት የሕግ ባለሙያዋ ወይዘሮ ሊዲያ የርሞሺና እስከ 2021 መጨረሻ፣ 25 ዓመት ያህል ተቀመጡበት። አምስት ፕሬዚዳንታዊ ምርጫዎችን መሩ፤ በአምስቱም አሸናፊ ተብለው የታወጁት ሉካሼንኮ ነበሩ። የፕሬዚዳንቱን የሥልጣን ዘመን ገደብ ያነሳው የ2004 ሕዝበ ውሳኔ እንዳለፈ የአውሮፓ ኅብረት ወይዘሮዋ ወደ አባል አገሮቹ እንዳይገቡ አገደ። በ2006 አሜሪካም ማዕቀብ ጣለችባቸው።

ከዚያ በኋላ የሆነው ነገር ይበልጥ ያነጋግራል። በ2008 ኅብረቱ ከሚንስክ ጋር መቀራረብ በፈለገ ጊዜ የሉካሼንኮን የጉዞ እገዳ ለጊዜው አነሳ። የወይዘሮ የርሞሺና እገዳ ግን፣ ከሰዎች መሰወር ጋር ስማቸው ከተያያዘ ጥቂት ባለ ሥልጣናት እገዳ ጋር፣ እንዳለ ቀጠለ። አሸነፈ የተባለው ሲፈቀድለት አሸነፈ ያለችው ታገደች! በ2016 ለእርሳቸውም ተነሳላቸው፤ በ2020 ተመልሶ ተጣለባቸው።

እንግዲህ እንደ ፖለቲካው አየር የሚላላና የሚጠብቅ ማዕቀብ ፍርድ ሊባል ይችላልን? አይችልም። ይህ ሲባል ግን ፈራጁ ስላዳላ ተከሳሹ ንጹሕ ነው ማለት አይደለም። በ2020 ምርጫ ኮሚሽኑ ለሉካሼንኮ 80.1 በመቶ፣ ለተፎካካሪያቸው ለስቬትላና ቲካኖቭስካያ 10.1 በመቶ ሰጠ። ቲካኖቭስካያ በሰፊው የመሩባቸው የምርጫ ጣቢያዎች መኖራቸውን ግን የየጣቢያዎቹ ቆጣሪዎች ራሳቸው በር ላይ የለጠፉት ውጤት ያሳይ ነበር። ይህ ቁጥር አይታመንም ብሎ አደባባይ የወጣው ሕዝብ በሺዎች ታሰረ፣ ተደበደበ። የቁጥሩ ዋጋ በወረቀት ላይ ብቻ አልቀረም።

«እኔ ባልፈርም ሌላው ይፈርመዋል» የሚል መከራከሪያ በየቢሮው ይሰማል። እርግጥ ነው፣ ጎንቻር እምቢ ስላሉ ሕዝበ ውሳኔው አልቀረም። ታዲያ እምቢታቸው ምን ፈየደ? ቢያንስ ከእርሳቸው በኋላ በዚያ ወንበር ለሚቀመጥ ሁሉ «ምርጫ አልነበረኝም» የሚለውን ሰበብ ዘጋ።

የጎንቻርን ዕጣ ያየ ሰው ቢፈራ አይፈረድበትም። ማንም ሰው ጀግና ሁን፣ ሙት ተብሎ አይገደድም። ነገር ግን በመሰወርና 25 ዓመት በመፈረም መካከል ሰፊ ቦታ አለ። ሥራ መልቀቅ አለ፣ መታመም አለ፣ ወደ ቀድሞ የሕግ ሙያ መመለስ አለ። ሰው የሚጠየቀው ጀግና ባለመሆኑ ሳይሆን እነዚህን ትናንሽ በሮች ሁሉ እያየ አልፎ ወንበሩ ላይ በመቆየቱ ነው።

ይህ ደግሞ የሊቀመንበሮች ጉዳይ ብቻ አይደለም። በሩቅ ቀበሌ በአንዲት የምርጫ ጣቢያ ጠረጴዛ ላይ ተቀምጦ ድምፅ የሚቆጥር ወጣት መምህርም ያው አደራ ተጥሎበታል። እርሱን ማንም ውጭ አገር እንዳይሄድ አያግደውም፤ ስሙም በየትኛውም መዝገብ አይሰፍርም። ማታ ግን ወደ ቤቱ የሚሄደው ድምፃቸውን በሰጡት ጎረቤቶቹ መሐል አቋርጦ ነው።