ትዝታን ስለሚመገብ እንስሳ

የጥንት የጽርእ ሰዎች ከወገቡ በላይ ፈረስ፥ ከወገቡ በታች ዓሣ የሆነ እንስሳ በባሕር ውስጥ ይኖራል ብለው ይተርኩ ነበር። የባሕር አምላክ ነው የሚሉትን የፖሲዶንን ሠረገላ የሚስበው እርሱ ነው ይሉ ነበር፤ ስሙም ሂፖካምፖስ ይባላል። እንዲህ ያለ ፍጥረት በባሕርም በየብስም ከቶ አልተገኘም። ነገር ግን እንደ ኤውሮፓ አቆጣጠር በ1587 ዓ.ም. አራንዚዮ የሚባል በቦሎኛ ከተማ የሚያስተምር የኢጣልያ ሐኪም፥ ከሰው አንጎል በስተውስጥ የተጠማዘዘ ክፍል አግኝቶ መልኩ የባሕር ፈረስ ቢመስለው ሂፖካምፖስ ብሎ ጠራው። ሥራው ምን እንደ ሆነ ግን አላወቀም፤ ከእርሱ በኋላ የተነሡትም ሊቃውንት ብዙ ዘመን አላወቁም።

ዛሬ እንደ ታወቀው ይህ ክፍል ሰው በየቀኑ የሚያየውንና የሚሰማውን እየተቀበለ፥ እንደ ከብት እያመሰኳ፥ ይልቁንም በእንቅልፍ ጊዜ እየመላለሰ፥ ለረጅም ዘመን እንዲቀመጥ ያደርገዋል። እንግዲህ ትዝታን እየተመገበ የሚያከማች እንስሳ አለ ቢባል ፈጽሞ ተረት አይደለም፤ በእያንዳንዱ ሰው ራስ ውስጥ በግራና በቀኝ ሁለት ሁነው ተጋድመዋል።

ይሁን እንጂ እንስሳው እንደ ተረቱ ከሰው ውጭ የሚኖር ቢሆንና በየደጁ እየዞረ፥ «የሚያስጨንቅህን ትዝታ ስጠኝ፤ እኔ በልቼ በሆዴ አኖረዋለሁ፤ አንተ ከእንግዲህ ወዲህ አታስበውም» ቢል፥ ሰው ምን ይሰጠው ነበር? የሠርጉን ቀን የሚሰጥ አይገኝም። ልጇን የቀበረች እናት ኀዘኗን፥ ከጦር ሜዳ የተመለሰ ወታደር ያየውን ደም፥ ባልንጀራውን የከዳ ሰው ክዳቱን ይዘው ይመጡ ነበር እንጂ። ጥያቄው ለጨዋታ ያህል ብቻ የቀረበ አይምሰል። እንደ ኤውሮፓ አቆጣጠር በ2003 ዓ.ም. ለአሜሪካ ፕሬዚዳንት በሥነ ምግባር ነገር የሚመክሩ ሊቃውንት ባወጡት መጽሐፍ፥ ለልብና ለደም ግፊት የሚሰጠው ፕሮፕራኖሎል የተባለው መድኃኒት የክፉ ትዝታን ስለት ለማደንዘዝ ቢሰጥ ይገባል ወይስ አይገባም ብለው መርምረዋል።

ለኀዘንተኛይቱ እናት መልስ የሚሆን አንድ እውነተኛ ታሪክ አለ። ሄንሪ ሞላይሰን የሚባል አሜሪካዊ በሚጥል በሽታ እጅግ ይሠቃይ ስለ ነበር፥ እንደ ኤውሮፓ አቆጣጠር በ1953 ዓ.ም. በ27 ዓመቱ በሐርትፎርድ ከተማ ዊልያም ስኮቪል የተባለ ሐኪም ራሱን ከፍቶ ከሁለቱም ወገን የዚህን ክፍል ብዙውን እጅ አወጣበት። በሽታው ቀለለለት። ልጅነቱንም ያስታውስ ነበር፤ ከዚያ ወዲህ ያገኘውን ነገር ግን እስከ ሞተበት እስከ 2008 ዓ.ም. ድረስ 55 ዓመት ሙሉ፥ ከጥቂት ደቂቃ በላይ ሊይዝ አልቻለም። አንድ ጊዜ የሚወደው አጎቱ እንደ ሞተ ነገሩት፤ እጅግም አዘነ። ቆይቶ ረሳውና አጎቱ መቼ እንደሚመጣ ጠየቀ፤ ደግመው ቢነግሩት ልክ እንደ መጀመሪያው ደነገጠ፤ በጠየቀ ቍጥርም እንዲሁ ሆነ። መርሳቱ ኀዘኑን አላቀለለለትም፤ እንዳያረጅ አደረገበት እንጂ። በኢትዮጵያ ለሞተ ሰው በአርባው፥ በሰማንያው፥ በዓመቱ ተዝካር ሲወጣ፥ የድግሱ ወጪ ድኻን ማስጨነቁ ራሱን የቻለ ሌላ ነገር ሁኖ፥ ኀዘንተኛው ትዝታውን ከጎረቤቱ ጋራ እየቆረሰ ይመገባል፤ በአርባው ያለቀሰው ልቅሶና በዓመቱ ያለቀሰው ልቅሶም አንድ አይደለም።

የወታደሩ ነገር ይለያል። ሌሊት ሌሊት ከእንቅልፉ እያስጮኸ የሚያነሣውን ድንጋጤ ሐኪም ቢያስታግስለት የሚነቅፍ ደግ ሰው የለም። ያየውን ሁሉ ቢሰጥ ግን ለሞቱት የሚመሰክርላቸው ማን ነው? የካቲት 12 ቀን 1929 ዓ.ም. ጀምሮ ሦስት ቀን በአዲስ አበባ ሕዝብ ሲፈጅ ያዩ ሰዎች ትዝታቸውን ለእንስሳው ሰጥተው ቢሆን ኖሮ፥ በስድስት ኪሎ የቆመው ሐውልት የማን መታሰቢያ እንደ ሆነ ለልጆቻቸው የሚነግር ባልተገኘም ነበር።

ከሁሉ የሚያስቸግረው ሦስተኛው ነው፤ ከደጅም ቀድሞ የሚቆመው እርሱ ነው። የወጋ ቢረሳ የተወጋ አይረሳም ይባላል፤ እንስሳው የሚበላለትም ግማሹን ብቻ ነው፤ ግማሹ በተከዳው ሰው ልብ ውስጥ አለ። ሁለት ሰዎች በአንድነት የያዙትን ርስት አንደኛው ብቻውን ሊሸጠው አይችልም፤ የበደል ትዝታም እንደዚሁ ነው። ደግሞ ሌላ ነገር አለ። ብሬንዳ ሚልነር የተባለች ሊቅ ያንኑ ሞላይሰንን እጁን በመስተዋት ብቻ እያየ የኮከብ ሥዕል ዙሪያውን እንዲስል አድርጋው ነበር። ሥራው አስቸጋሪ ነው፤ ዳሩ ግን ከቀን ወደ ቀን እጁ እየለመደ ሄደ። እርሱ ግን በየቀኑ ሥራውን የማያውቀው አዲስ ነገር ይመስለው ነበር። እንግዲህ ትዝታው ቢወሰድም ልማዱ አልተወሰደም። ክዳቱን ለእንስሳው ሰጥቶ ወደ ቤቱ የሚመለስ ሰውም መክዳት የለመደ እጁን ይዞ ይመለሳል፤ የሚያሳፍረው ትዝታ ስለሌለ ዳግመኛ ሲከዳ የሚከለክለው የለም።

የተበደለው ሰው ግን ሸክሙን ቢጥል መብት አለው የሚል ይኖራል፤ ይህም ቀላል ክርክር አይደለም። ዮሴፍ በግብጽ የበኵር ልጁን ምናሴ ብሎ የሰየመው እግዚአብሔር መከራውን ስላስረሳው እንደ ሆነ በኦሪት ዘፍጥረት ተጽፏል። ሆኖም በራብ ዘመን ዐሥሩ ወንድሞቹ እህል ሊሸምቱ መጥተው ቢሰግዱለት ወዲያው ዐወቃቸው፤ የጥንት ሕልሙም ትዝ አለው። ትዝታውን እንስሳ በልቶበት ቢሆን ኖሮ፥ እንደ ማንኛውም መንገደኛ እህሉን ሸጦ ባሰናበታቸው ነበር፤ ይቅር የሚለውም ሰው ባልኖረው ነበር። እነርሱም የሸጡትን ወንድማቸውን ረስተው ቢሆን ኖሮ፥ መከራ ባገኛቸው ቀን የሚያስቡት በደል ባላገኙ ነበር። ነገር ግን ያን ሁሉ ዘመን አልረሱትም፤ ሲለምናቸው ነፍሱ እንዴት እንደ ተጨነቀች እርስ በርሳቸው ተነጋገሩ። ዮሴፍ በአስተርጓሚ ያነጋግራቸው ስለ ነበር ቋንቋቸውን የሚሰማ አልመሰላቸውም። እርሱ ግን ሰምቶ ከፊታቸው ፈቀቅ አለና አለቀሰ።