እውነትም ቀልድ ሲመስል

ቴሌቪዥን የራሱ ሥርዓት አለው። ዜና አንባቢው ከጠረጴዛ ኋላ ይቀመጣል፤ ቀልድ ሲነገር ከማይታይ ሕዝብ ሳቅ ይሰማል፤ የአዘጋጆቹ ስም መጨረሻ ላይ ያልፋል። ሳቁ እንኳ ብዙ ጊዜ የሕዝብ አልነበረም። ቻርልስ ዳግላስ የተባለ አሜሪካዊ የድምፅ ባለሙያ እ.ኤ.አ. በ1950ዎቹ የተቀዳ ሳቅ የሚያሰማ መሣሪያ ሠርቶ ነበር። መቼ እንደምንስቅ ቁልፍ የሚጫን ሰው ይወስንልን ነበር ማለት ነው!

ይህንኑ ሥርዓት መሳቂያ ያደረጉ ኮሜዲያን ተነሡ። በእንግሊዝ የሞንቲ ፓይተን ቡድን ከ1969 ጀምሮ በቢቢሲ ሲቀርብ፣ አስተዋዋቂውን ከነጠረጴዛው ሜዳ ላይ ያስቀምጠዋል፤ የመጨረሻውን የስም ዝርዝር አንዳንዴ ፕሮግራሙ ሳያልቅ ያሳልፈዋል። አሜሪካዊው አንዲ ካውፍማን ደግሞ ከእነርሱም ባሰ። በ1977 ለኤቢሲ ጣቢያ በቀረጸው ልዩ ዝግጅት ውስጥ ምስሉ የተበላሸ እንዲመስል ሆን ብሎ አደረገ። ኃላፊዎቹ ተመልካቹ ቴሌቪዥኔ ተበላሸ ይላል ብለው ሰጉ፤ ዝግጅቱም የተላለፈው በ1979 ነው። (እኛ አገር ቢሆን አንቴና ለማዞር ስንቱ ጣሪያ ላይ በወጣ።)

እንዲህ መቀለድ ኃጢአት ነው ወይ ብትሉኝ፣ አይመስለኝም። ኤልያስም በቀርሜሎስ ተራራ በበኣል ነቢያት አፊዟል። ባዶውን ነገር ባዶ ነው ብሎ ማሳየት ለእውነት ይጠቅማል፤ ይህን የለመደ ዓይን ማስታወቂያ በቀላሉ አያታልለውም።

እኔን የሚያሳስበኝ ሌላ ነው። ካውፍማን በ1984 በሳንባ ካንሰር፣ ገና በ35 ዓመቱ ሲሞት፣ ያላመኑ ብዙዎች ነበሩ። ሌላ ቀልድ መሰላቸው። ከዓመታት በኋላ እንኳ አንድ ቀን ብቅ ይላል ብለው የጠበቁት አልጠፉም። ጥፋቱ የማን ነው? የእርሱ ብቻ ነው ለማለት ይከብደኛል። ተመልካቹም ከጀርባ ያለውን ብልሃት መፈለግ ስለለመደ፣ የሰው ሞት ፊቱ ሲቆም ብልሃቱን ፈለገ።

እኛም የራሳችን ሥርዓት አለን። ምስክርነት በምን ቃል እንደሚጀመር፣ ድምፅ የት ላይ እንደሚንቀጠቀጥ፣ ኪቦርዱ መቼ ቀስ ብሎ እንደሚገባ ታውቃላችሁ። አስመስላችሁ ስታሳዩ ኅብረቱ በሙሉ ይስቃል። አንዳንዱ እንዲያውም ሊሳቅበት ይገባዋል። ግን በሚቀጥለው ሳምንት አንዲት እኅት ተነሥታ በእነዚያው ቃላት፣ በዚያው በሚንቀጠቀጥ ድምፅ፣ ቤቷ ያለውን መከራ ትናገራለች። ሌላ አነጋገር አልተማረችም። አጠገባችሁ የተቀመጠው ጓደኛችሁ በክርኑ ጎሸም ያደርጋችኋል። እርሷም ከፊት ቆማ ታያችኋለች።